የሽርሽር አውቶቡስ ታሪክ፦ ከአዳማ ተደጋግመው የሚጠየቁ ጥያቄዎች

ይህ ገጽ ለመኪና ወዳጆች ብቻ የተዘጋጀ አይደለም። ዕድርተኞች፣ የሰንበቴ ማኅበርተኞች፣ የመሥሪያ ቤት ባልደረቦች ወይም የሠፈር ልጆች ገንዘብ አዋጥተው አውቶቡስ በተከራዩ ቁጥር ከመቶ ዓመት በላይ የዘለቀ ልማድ ይቀጥላሉ። የልማዱን አመጣጥ በተመለከተ አዳማ ውስጥ ከተማሪዎች፣ ከሾፌሮችና ከጉዞ አስተባባሪዎች ደጋግመው የሚነሡትን ጥያቄዎች እዚህ ሰብስቤ መልሻቸዋለሁ። እ.ኤ.አ. ያልሁት የፈረንጆቹ አቆጣጠር ነው፤ ዓ.ም. ብቻ ያለበት የራሳችን ነው።

የሽርሽር አውቶቡስ ከሌላው አውቶቡስ በምን ይለያል?

በመኪናው ብዙም አይለይም። ዓርብ ነጋዴና እህል ጭኖ ከአሰላ የገባ አውቶቡስ እሑድ ሙሽራ ሊያጅብ ወይም ተማሪ ይዞ ሊወጣ ይችላል። ልዩነቱ ተሳፋሪው ከቤቱ በወጣበት ምክንያት ላይ ነው። ጉዳይ ለመፈጸም የሚሄድ ሰው መንገዱ ቶሎ እንዲያልቅለት ይፈልጋል። ለሽርሽር የወጣ ሰው ግን መንገዱንም ሊያየው፣ ሊዘፍንበት፣ ሊበላበትና ሊያወራበት ነው የተሳፈረው። እዚህ የምንነጋገረው የዚህን የሁለተኛውን ሰው ታሪክ ነው፤ የመኪናውን ታሪክ የምናነሣው እርሱን እስካገለገለ ድረስ ነው።

የመጀመሪያው በሞተር የሚሄድ አውቶቡስ የትና መቼ ሥራ ጀመረ?

በጀርመን አገር፣ እ.ኤ.አ. መጋቢት 18 ቀን 1895 ከዚገን ከተማ በኔትፌን በኩል እስከ ዶይትስ በሚወስደው መንገድ ላይ ነው። መኪናው የካርል ቤንዝ ሥራ ነበር፤ የአምስት ፈረስ ጉልበት ሞተር የተገጠመለትና የሚይዘውም ሰው በጣት የሚቆጠር ነበር። አሥራ አምስት ኪሎ ሜትር ገደማ የሆነውን መንገድ ለመጨረስ ከአንድ ሰዓት በላይ ይፈጅበት ነበር። ዳገት ሲከብደው ተሳፋሪዎች ወርደው ይገፉ ነበር። የከፈሉበትን መኪና መግፋት ዛሬ ያስቆጣል፤ ያኔ ግን በመኪና መሄድ ራሱ ትንግርት ስለነበር ሰው ቅር ሳይለው ይገፋ ነበር። አገልግሎቱ ዓመት ሳይሞላው ቢቋረጥም ሐሳቡ አልሞተም፤ ጥቂት ዓመታት ሳይቆይ በሌሎች ከተሞች ተመሳሳይ መኪናዎች መታየት ጀመሩ።

ከዚያ በፊት ሰው ለመዝናናት አይጓዝም ነበር?

ይጓዝ ነበር፤ ነገር ግን የራሱ ፈረስና ጊዜ ያለው ሰው ነው። ድሀ ብዙ ሆኖ ለመዝናናት መጓዝ የጀመረው በባቡር ነው። ቶማስ ኩክ የተባለው እንግሊዛዊ እ.ኤ.አ. ሐምሌ 5 ቀን 1841 ወደ 500 የሚጠጉ ሰዎችን ለእያንዳንዳቸው አንድ ሽልንግ አስከፍሎ ከሌስተር ወደ ላፍቦሮ በባቡር ወሰዳቸው። የሄዱት መጠጥ የሚያወግዝ ስብሰባ ላይ ለመገኘት ነበር። ብዙዎች ግን የዛሬው የቡድን ጉብኝት ሥራ መነሻ አድርገው የሚቆጥሩት ያንን ቀን ነው።

ባቡር አንድ ጉድለት አለው፤ ከሐዲዱ ውጪ አይሄድም። ሐዲዱ ያልደረሰበት ሐይቅ፣ ሸለቆ ወይም ገዳም ለባቡር ተሳፋሪ እንደሌለ ይቆጠራል። አውቶቡስ የሞላው ይህንን ክፍተት ነው።

በመኪና ረጅም ጉዞ ያደረገው የመጀመሪያው ሰው ማን ነው?

ሴት ናት፤ በርታ ቤንዝ ትባላለች፤ የካርል ቤንዝ ባለቤት ናት። እ.ኤ.አ. በነሐሴ 1888 ለባሏ ሳትናገር ሁለት ወንዶች ልጆቿን ይዛ ከማንሃይም ወደ ፕፎርትስሃይም፣ እናቷ ወዳሉበት ከተማ፣ 106 ኪሎ ሜትር ያህል ነዳች። በዚያ ዘመን ነዳጅ ማደያ ስላልነበረ ቪስሎክ ከተባለች ከተማ መድኃኒት ቤት ለማጽጃ የሚሸጥ ሊግሮይን የተባለ ፈሳሽ ገዝታ ጨመረች። የነዳጅ ቱቦው ሲደፈን በባርኔጣዋ መርፌ ከፈተችው። የኤሌክትሪክ ሽቦው ሲላጥ በካልሲ ማሰሪያዋ ሸፈነችው። ፍሬኑ ሲያልቅ ደግሞ ጫማ ሰፊ አስቁማ ቆዳ አስለበጠችበት።

ይህንን ታሪክ ለተማሪዎች ስነግር ሁልጊዜ የማሳስባቸው አንድ ነገር አለ። በርታ ከቤቷ የወጣችው ሕዝብ ሊገዛው ያልደፈረውን መኪና ለማሳየት ብትሆንም፣ መድረሻዋ የእናቷ ቤት ነበር። በመኪና የተደረገው የመጀመሪያው ረጅም ጉዞ ዘመድ ጥየቃ ነው።

ሻራባን የሚባለው ምን ዓይነት መኪና ነበር?

የሽርሽር አውቶቡስ አያት ሻራባን ነው። መጀመሪያ በፈረስ የሚጎተት፣ አግዳሚ ወንበሮች የተደረደሩበት ሠረገላ ነበር፤ ስሙም ከፈረንሳይኛ የመጣ ነው። ከሃያኛው ክፍለ ዘመን መባቻ ጀምሮ እንግሊዝ አገር ሞተር ገጠሙለት።

አሠራሩን በቅርበት ብናየው ይገርማል። ጣሪያ የለውም። መሐል ለመሐል የሚያልፍ መተላለፊያም የለውም፤ ወንበሮቹ ከአንዱ ጎን እስከ ሌላው ጎን የተዘረጉ ስለሆኑ እያንዳንዱ ረድፍ በጎን በኩል የራሱ በር አለው። ከሾፌሩ ኋላ ያለው ረድፍ ከፊተኛው ትንሽ ከፍ ይላል፤ ቀጣዩ ደግሞ ከእርሱ ከፍ ይላል፤ ኋላ የተቀመጠውም የፊቱን እንዲያይ ታስቦ ነው። ዝናብ ሲመጣ ከኋላ የታጠፈውን ከባድ ሸራ ተሳፋሪዎቹ ተጋግዘው ወደ ፊት ይጎትቱታል። ሸራው እስኪደርስ ግን ሁሉም በስብሷል። ጎማው አየር የማይነፋ ድፍን ላስቲክ ስለነበር የመንገዱ ድንጋይ ሁሉ ወገብ ላይ ይቆጠራል። ሕጉ የሚፈቅድለት ፍጥነት በሰዓት 12 ማይል፣ ማለትም 19 ኪሎ ሜትር ገደማ ነበር። ቁልቁለት ላይ አደገኛ ነበር፤ ሰውና ወንበሩ ከላይ ስለሚከብዱ መገልበጥ አይከብደውም፤ ተሳፋሪውን የሚያድን ጣሪያም የለውም። በዚህ ምክንያት የሞቱ ሰዎች አሉ፤ ታሪኩን በፈገግታ ብቻ ማውራት እነርሱን መርሳት ነው።

ከአንደኛው የዓለም ጦርነት በኋላ በአንድ ጊዜ የበዛው ለምንድን ነው?

ጦርነቱ እ.ኤ.አ. በ1918 ሲያበቃ የእንግሊዝ ጦር በሺዎች የሚቆጠሩ የጭነት መኪናዎች ተርፈውት ነበር፤ በርካሽ ሸጣቸው። በሌላ በኩል ጦሩ መንዳትና መጠገን ያስተማራቸው ወጣቶች ሥራ ፈትተው ወደየመንደራቸው ተመለሱ። መኪናውም ሾፌሩም በአንድ ጊዜ ገበያ ላይ ወጡ ማለት ነው። ብዙዎቹ ከጦሩ ሲሰናበቱ የተሰጣቸውን ወይም የቤተሰብ ገንዘብ አውጥተው አንድ ሻንሲ፣ ማለትም አካል ያልተሠራለት የመኪና መሠረት ከነሞተሩ ገዙ። ከሰኞ እስከ ዓርብ የጭነት ሣጥን ይገጥሙለትና ድንጋይ ከሰል ወይም አትክልት ያመላልሱበታል። ቅዳሜ ሣጥኑን አውርደው የወንበሩን አካል ይገጥሙና ሰው ይዘው ወደ ባሕር ዳርቻ ይወጣሉ። አንድ ሞተር ሁለት እንጀራ ያበላ ነበር።

በ1919 እ.ኤ.አ. መከር ላይ ደግሞ የባቡር ሠራተኞች ሥራ ሲያቆሙ ሕዝቡ በሻራባን ረጅም መንገድ መሄድ እንደሚቻል በዓይኑ አየ። በ1925 እ.ኤ.አ. ከብሪስቶል ወደ ለንደን መደበኛ የአገር አቋራጭ አውቶቡስ ተጀመረ። በ1930 እ.ኤ.አ. የወጣው ሕግ አሽከርካሪውም፣ ረዳቱም፣ መስመሩም ፈቃድ እንዲኖረው አስገደደ። ባለ አንድ መኪናዎቹ ባለንብረቶች ብዙዎቹ በዚያ ጊዜ ለትልልቅ ኩባንያዎች እየሸጡ ወጡ። ሕጉ ሕይወት አድኗል፤ ያንን የነፃነት ዘመን ግን አብሮ ዘግቶታል።

ተሳፋሪዎቹ እነማን ነበሩ?

በእኔ እምነት ከጥያቄዎቹ ሁሉ ዋናው ይህ ነው። የመኪና ታሪክ ሲጻፍ ስለ ባለቤቶቹ ይጻፋል፤ ስለ ኢንጂነሩ፣ ስለ ንጉሡ፣ ስለ ሀብታሙ። መኪና ገዝቶ የማያውቅ፣ የሚገዛም የማይመስል ሰው ግን በዚያ ታሪክ ውስጥ ቦታ የለውም። ሻራባኑን የሞሉት እነዚህ ሰዎች ናቸው፤ በሰሜን እንግሊዝ ያለው የላንካሸር ግዛት የጥጥ ፋብሪካ ሠራተኞች፣ የከሰል ማዕድን ቆፋሪዎች፣ ከቤት ሥራ ለአንድ ቀን ያረፉ እናቶች፣ የቤተ ክርስቲያን ማኅበርተኞች። ከጢስ የወጣ ሰው ብላክፑል ደርሶ ባሕር ያያል፤ ማታ ይመለሳል። ብዙዎች ባሕር ያዩት በዚያ ወንበር ላይ ተቀምጠው ነው።

ገንዘቡን የሚያጠራቅሙበት መንገድ ለእኛ እንግዳ አይደለም። የላንካሸር ሠራተኞች ዓመቱን ሙሉ በየሳምንቱ ትንሽ ትንሽ እየከፈሉ ለዕረፍት ሳምንታቸው የሚሰጣቸው የቁጠባ ማኅበር ነበራቸው፤ ዕቁብ በሉት። ደመወዝ እየተከፈለው ማረፍ የሚችለው ሠራተኛ ያኔ ጥቂት ነበር፤ በእንግሊዝ የደመወዝ ዕረፍት ሕግ የወጣው ገና እ.ኤ.አ. በ1938 ነው። ከዚያ በፊት ሽርሽር የወጣ ሠራተኛ የዕለት ገቢውን ከስሮ የወጣ ነው። ይህን ያህል ዋጋ የተከፈለበትን ቀን ተራ መዝናኛ ብሎ ማለፍ አይገባም።

በሌሎች አገሮችስ?

በአሜሪካ ካርል ኤሪክ ዊክማን የተባለ ከስዊድን የፈለሰ ሰው እ.ኤ.አ. በ1914 ሂቢንግ በተባለች የብረት ማዕድን ከተማ ሊሸጠው ያልቻለውን ባለ ሰባት ወንበር መኪና ይዞ ቆፋሪዎችን በ15 ሳንቲም ማመላለስ ጀመረ። ግሬይሀውንድ የተባለው ታላቅ የአውቶቡስ ድርጅት የተወለደው ከዚያች አንዲት መኪና ነው።

ለእኛ ለደጋ አገር ሰዎች የበለጠ የሚቀርበው ግን የስዊዘርላንድ ታሪክ ነው። እዚያ ተራራውን የከፈተው የፖስታ ቤት ነው። እ.ኤ.አ. በ1906 ከበርን ተነሥቶ ደብዳቤና ሰው በአንድ ላይ የሚጭን አውቶቡስ ጀመረ፤ ከጦርነቱ በኋላ ከ1919 እ.ኤ.አ. ጀምሮ የአልፕስ ተራሮችን ማቋረጥ ቻለ። ቢጫዎቹ አውቶቡሶች ጠመዝማዛ ላይ ሲደርሱ ሦስት ድምፅ ያለው ክላክስ ያሰማሉ፤ ከፊት የሚመጣው መኪና ሰምቶ ቦታ ይለቃል። አገሬው በዚያ አውቶቡስ ወደ ገበያ፣ ጎብኚው ወደ በረዶው ይሄዳል፤ ሁለቱም አንድ ወንበር ላይ ይቀመጣሉ። ለገጠር ሰው የተዘረጋ መስመር ጎብኚንም ሊያገለግል እንደሚችል ከዚህ የተሻለ ማስረጃ አላገኘሁም።

አውቶቡስ እንደ ዛሬው ምቹ የሆነው እንዴት ነው?

ደረጃ በደረጃ ነው። አየር የሚነፋ ጎማ በ1920ዎቹ እ.ኤ.አ. ለከባድ መኪና ደረሰ፤ ትልቁ ለውጥ እርሱ ነው። ከዚያ የሻንሲው ከፍታ ዝቅ አለ፣ ጣሪያና መስታወት ተገጠመ፣ ናፍጣ ሞተር መጣ፣ ሞተሩም ከሾፌሩ ጎን ተነሥቶ ወደ ኋላ ሄደ። እ.ኤ.አ. በ1951 ደግሞ በጀርመን አገር ሴትራ የተባለው አውቶቡስ አካሉና ሻንሲው አንድ ሆኖ፣ ራሱን ችሎ የሚቆም ሆኖ ቀረበ። ከዚያ ወዲህ አውቶቡስ የጭነት መኪና ልጅ መሆኑ ቀረ።

ወደ ኢትዮጵያ መኪና የገባው መቼ ነው?

በዳግማዊ ምኒልክ ዘመን፣ በ1900 ዓ.ም. ነው። ቤንትሌይ የተባለ እንግሊዛዊ ከባሕር ዳርቻ ተነሥቶ ወራት ከፈጀ ጉዞ በኋላ ሲድሊ የተባለችውን መኪና አዲስ አበባ አደረሰ፤ ንጉሠ ነገሥቱም ተሳፈሩባት። በዚያው ዓመት አንድ ጀርመናዊ ሌላ መኪና አመጣ። መንገድ ሳይኖር መኪና መጣ ማለት ነው። ሕዝቡ እስኪሳፈር ድረስ ደግሞ ብዙ ዓመታት አለፉ።

ባቡሩ በዚህ ታሪክ ውስጥ ምን ድርሻ አለው?

ለአዳማ ትልቅ ድርሻ አለው። ከጅቡቲ የተነሣው ሐዲድ በ1895 ዓ.ም. ድሬዳዋ፣ በ1909 ዓ.ም. አዲስ አበባ ደረሰ። አዳማ ከተማ የሆነችው ጣቢያውን ከብባ ነው። በመጀመሪያዎቹ ዓመታት ባቡሩ ማታ ስለማይሄድ ጉዞው ሦስት ቀን ይፈጅ ነበር፤ ተሳፋሪው ድሬዳዋና አዋሽ ላይ ያድራል። አዋሽ ጣቢያ ያለው ቡፌ ደ ላ ጋር የተባለው ሆቴል የቆየው ከዚያ ልማድ ነው። መንገደኛ የሚያርፍበት፣ የሚበላበት፣ የሚያወራበት ቦታ በአገራችን በምሥራቁ መስመር ላይ እንዲህ ቀድሞ ተለመደ፤ አውቶቡስ ሲመጣም ምግብ ቤቱ፣ አልጋ ቤቱና ቡና አፍሊዋ ዝግጁ ሆነው ጠበቁት።

መንገዶቻችንን የሠራው ጣሊያን ነው ይባላል፤ እውነት ነው?

በከፊል እውነት ነው፤ አነጋገሩ ግን ብዙ ነገር ይደብቃል። ከ1928 እስከ 1933 ዓ.ም. በነበረው ወረራ ጣሊያን ከአዲስ አበባ ወደ ደሴና አስመራ፣ ወደ አሰብ፣ ወደ ጅማና ወደ ነቀምት የሚሄዱ መንገዶችን ዘረጋ፤ በደብረ ሲና አቅራቢያ ጣርማበርን ሰንጥቆ የሚያልፈው ዋሻም የዚያ ዘመን ሥራ ነው። መንገዶቹ የተሠሩት ግን ጦር ለማንቀሳቀስና አርበኛውን ለመክበብ ነበር፤ ከጣሊያኖቹ ጋር ድንጋይ የፈለጠው፣ ጠጠር የተሸከመው የአገራችን ሰውም ነው። ከነፃነት በኋላ ጥገና ሲጎድል ብዙዎቹ ተበላሹ።

መልሶ ያቆማቸውና ያሰፋቸው በ1943 ዓ.ም. የተቋቋመው የአውራ ጎዳና ባለሥልጣን ነው። ለዚህ ሥራ የዓለም ባንክ እ.ኤ.አ. በ1950 ያበደረው 5 ሚሊዮን ዶላር ባንኩ ለአፍሪካ ከሰጣቸው ብድሮች የመጀመሪያው ነበር። ስለዚህ «ጣሊያን ነው የሠራው» ብሎ ማቆም ለአንድ ትውልድ መሐንዲስ፣ ግሬደር ነጂና የቀን ሠራተኛ የሚገባውን መንፈግ ነው። ይህንን ጉዳይ አበክሬ የምናገረው ልጆች እስከ ዛሬ በትምህርት ቤት እንዲሁ ሲደጋግሙት ስለምሰማ ነው።

በአገራችን የመጀመሪያዎቹ የሕዝብ ማመላለሻዎች ምን ይመስሉ ነበር?

ከእንግሊዙ ሻራባን ጋር ቢያስተያዩአቸው ይዘመዳሉ። እዚህም የጭነት መኪና ሻንሲ ላይ የእንጨትና የቆርቆሮ አካል ተሠርቶበት ነው ሰው የተጫነው። ብዙ ሰው ደግሞ አካል እንኳ ሳይሠራለት ጭነቱ ላይ ተቀምጦ ሄዷል። ከጣሊያን የቀሩት ፊያት መኪናዎች ለረጅም ዘመን ሠርተዋል። ቋንቋቸውም ቀርቶልናል፤ ጎሚስታው፣ ባሌስትራው፣ ፍሪሲዮኑ፣ ጣሪያ ላይ ያለው የዕቃ መጫኛ ፖርቶመጋላው ሁሉ የዚያ ዘመን ቅርስ ነው።

ፖርቶመጋላው ለብቻው ሊወራለት ይገባል። ረዳቱ ከኋላ ባለችው ጠባብ መሰላል ይወጣል፤ ከታች ያሉት ያቀብሉታል። ፍራሽ ከሥር ይነጠፋል፣ ጆንያ ይከተላል፣ ጀሪካን በጎን ይታሰራል፣ እግሩ የታሰረ በግ በሌሎቹ መሐል ይቀመጣል። መጨረሻ ላይ ሸራ ይለብስና ገመዱ ከአንዱ ጠርዝ ወደ ሌላው በእግር እየተረገጠ ይጠብቃል። ጥሩ ረዳት የማን ዕቃ የት ከተማ እንደሚወርድ ምንም ሳይጽፍ ያውቃል፤ ቀድሞ የሚወርደውንም ከላይ ያደርገዋል። አሁን የዕቃ ቦታው ከወለሉ ሥር ሆኗል፤ ለመገልበጥ አደጋም ይህ ይሻላል። ያ ችሎታ ግን በየመናኸሪያው ካሉ አረጋውያን ረዳቶች ጋር እያለፈ ነው።

አዳማ የሽርሽር መነሻ የሆነችው ለምንድን ነው?

መንገዶች የሚገናኙባት ስለሆነች ነው። ከአዲስ አበባ መቶ ኪሎ ሜትር ያህል ትርቃለች። ከእርሷ አንዱ መንገድ ወደ አሰላና ባሌ፣ ሌላው ወደ አዋሽ፣ ድሬዳዋና ጅቡቲ ይሄዳል። ወደ ኋላ ሞጆ ድረስ ብቻ ሄደው ቢታጠፉ ደግሞ በመቂና በባቱ አድርገው ላንጋኖ፣ ሻሸመኔና ሐዋሳ ይደርሳሉ።

ሁለተኛው ምክንያት ደመወዝተኛ ነው። የሆላንዱ ኤች ቪ ኤ ኩባንያ ወንጂ ላይ ያቋቋመው የስኳር ፋብሪካ በ1946 ዓ.ም. ማምረት ጀመረ። በጣሊያን የጦር ካሳ የተሠራው የቆቃ ግድብ ደግሞ እ.ኤ.አ. በ1960 ተመረቀ። የወር ደመወዝ ያለው፣ የዕረፍት ቀኑ የታወቀ ብዙ ሰው በአንድ አካባቢ ተሰበሰበ። ላንካሸር ላይ ሻራባንን የሞላው ሁኔታ በእኛም አገር በዚህ ዙሪያ ተፈጠረ፤ እንደ አዳማና ወንጂ ያሉ ቦታዎችን ታሪክ ሳይጨምሩ ስለ ኢትዮጵያ ሽርሽር መጻፍ አይቻልም ብዬ የማምነው ለዚህ ነው።

ሶደሬ የሚወጣው የሽርሽር ጉዞ እንዴት ነው?

ሶደሬ ከአዳማ 25 ኪሎ ሜትር ገደማ ርቃ፣ በአሰላ አቅጣጫ ከዋናው መንገድ ተገንጥሎ የሚደረስባት፣ አዋሽ ወንዝ ዳር ያለች የፍልውኃ ቦታ ናት። ከንጉሡ ዘመን ጀምሮ መዋኛና ማረፊያ ተሠርቶባታል። አውቶቡሱ ከደረሰ በኋላ ያለው ሥርዓት ከቡድን ቡድን ብዙ አይለያይም። መጀመሪያ ጥላ ያለው ዛፍ ይያዛል፤ ምንጣፍ ይነጠፋል፤ አንድ ሰው ምግቡን ከጦጣ እንዲጠብቅ ይመደባል፤ ይህ ሰው የግድ ያስፈልጋል። ከዚያ ልጆቹ ወደ መዋኛው፣ ወገብ የሚያማቸው ሽማግሌዎች ወደ ፍሉ ይሄዳሉ። ዳቦው ከተቆረሰ፣ ቡናው ከተፈላ በኋላ ከበሮው ይመታል። ሲመለስ የደከመው ሰው ሁሉ መኪናው ሲነሣ እንደገና ይዘፍናል።

ከአውቶቡስ ጋር የተለማመደ አስተባባሪ ሁለት ነገር ቀድሞ ይጨርሳል። የመመለሻውን ሰዓት ከሾፌሩ ጋር በግልጽ ይስማማል፤ የተሳፋሪውን ስም ዝርዝር በወረቀት ይይዛል። በመቁጠር ብቻ የሚመለስ ቡድን ሰው ረስቶ ሊሄድ ይችላል።

የንግሥ ጉዞ ሽርሽር ነው ወይስ አይደለም?

ተሳላሚውን ብትጠይቁት አይደለም ይላችኋል፤ ልክ ነው። ለስለት የሄደን ሰው ጎብኚ ማለት ነውር ነው። ይሁን እንጂ የጋራ ጉዞን ለአገራችን ያስተማረው መንፈሳዊ ጉዞ መሆኑ አይካድም። ታኅሣሥ 19 እና ሐምሌ 19 ለቁልቢ ገብርኤል የሚወጡት አውቶቡሶች በአዳማ በኩል ያልፋሉ። በጥቅምትና በመጋቢት 5 ዝቋላ አቦ፣ በባሌ ደግሞ የድሬ ሼኽ ሁሴን ጉዞ አለ። ለእነዚህ ጉዞዎች ሰው ማኅበር አቋቁሟል፣ ወርኃዊ መዋጮ ከፍሏል፣ አውቶቡስ በቡድን መከራየትን ለምዷል፣ ሴቶች ብቻቸውን ሳይሆኑ በማኅበር ሆነው ሩቅ አገር ሄደዋል። ኋላ ሐይቅ ለማየት ሲወጣ የተጠቀመው ያንኑ ልምድ ነው። የቶማስ ኩክ ተሳፋሪዎችም የሄዱት ለስብሰባ እንደነበር አስታውሱ።

መንግሥት ቱሪዝምን መደገፍ የጀመረው መቼ ነው?

እ.ኤ.አ. በ1960ዎቹ መጀመሪያ የቱሪስት ድርጅት ሲቋቋም ነው። ሥራውን የመሩት አቶ ሀብተ ሥላሴ ታፈሰ ናቸው፤ «የአሥራ ሦስት ወር ፀጋ» የተባለው መፈክርም የእርሳቸው ነው። ዓላማው በዋናነት የውጭ ጎብኚ ነበር። ሐዋሳም የተቆረቆረችው በ1950ዎቹ ዓ.ም. መጀመሪያ፣ በዚያው ሰሞን ነው፤ ሐይቋ ዳር ሆቴሎች እየበዙ ሲሄዱ ከአዳማና ከአዲስ አበባ ለሚነሡ ቡድኖች የረጅም ጉዞ መድረሻ ሆነች።

የአዲስ አበባ–አዳማ ፈጣን መንገድ ምን ለወጠ?

ጊዜን ለወጠ። 85 ኪሎ ሜትር ያህል የሚሆነው ይህ በአገሪቱ የመጀመሪያው የክፍያ ፈጣን መንገድ እ.ኤ.አ. በ2014 ለአገልግሎት ክፍት ሆነ፤ በእያንዳንዱ አቅጣጫ ሦስት መስመር አለው። እግረኛ፣ ጋሪና ባጃጅ ስለማይገቡበት ሾፌሩ የሚጨነቅበት ነገር ቀንሷል። ከአዲስ አበባ ማለዳ የተነሣ ቡድን ሶደሬ ላይ ሙሉ ቀን ማሳለፍ ችሏል፤ ይህ ቀላል ነገር አይደለም።

ነገር ግን ለሽርሽር የወጣ ሰው በቀድሞው መንገድ ቢሄድ እመርጥለታለሁ፤ ቢያንስ በአንዱ በኩል። ፈጣኑ መንገድ ቢሾፍቱንና ሞጆን በጎን ትቶ ያልፋል። በቀድሞው መንገድ ቢሾፍቱ ላይ ወርደው ሐይቅ ያያሉ፣ ቡና ይጠጣሉ፣ ልጆች እግራቸውን ያፍታታሉ። መንገደኛ በቆመበት ሁሉ የምትሸጥ እናት ነበረች፤ መንገዱ ሲያልፋት ገበያዋም አልፏታል። አንድ አውቶቡስ ሙሉ ሰው ለግማሽ ሰዓት መቆሙ ለእርሷ የቀን ገቢ ነው።

የቤተሰቤ የድሮ ጉዞ ፎቶግራፍ አለኝ፤ ምን ላድርገው?

እባክዎ አይጣሉት። ከአልበሙ ላይ በኃይል አይላጡት፤ ፕላስቲክም አያስለብጡት። መስኮት አጠገብ፣ ቀጥታ ፀሐይ በማያርፍበት ቦታ ጠረጴዛ ላይ አንጥፈው ያለ ፍላሽ በስልክዎ ያንሡት፤ ጀርባውንም ያንሡት። በጀርባው ላይ የሚጽፉ ከሆነ በእርሳስ ቀስ ብለው ይጻፉ፤ የእስክሪብቶ ቀለም ዘመን ሲቆይ ወደ ፊት ያልፋል። የድሮ ትኬትና የመዋጮ ደብተርም ተመሳሳይ ዋጋ አላቸው፤ ታሪፉ ስንት እንደነበር የሚነግሩን እነርሱ ናቸው።

ከዚያ ፎቶግራፉን ይዘው ወደ ቤተሰቡ ትልልቅ ሰዎች ይሂዱ። የት እንደሆነ፣ በየትኛው በዓል እንደሆነ፣ በነፍስ ወከፍ ስንት እንደተዋጣ፣ ምን ተይዞ እንደተሄደ፣ መኪናው የት እንደተበላሸ ይጠይቋቸው፤ የተበላሸበት ቦታ ሁልጊዜ ይታወሳል። የመኪናው ሰሌዳ የሚታይ ከሆነ ቁጥሩን ይመዝግቡ። በፎቶግራፉ ጠርዝ ላይ ጎማው አጠገብ ቆመው የሚታዩትን ሾፌርና ረዳት ስማቸውን ሳይጠይቁ አይለፉ፤ በቤተሰብ አልበም ውስጥ ስማቸው ሳይጻፍ የሚቀረው ብዙ ጊዜ የእነርሱ ነው።